ጭጋጉ የሚያውቀው ስም

ከዚህ በፊት ምንም ነገር ጽፌ አላውቅም። የተማርኩት እስከ ስድስተኛ ክፍል ነው፤ ከዚያ ወዲህ እስክሪብቶ የያዝኩት መዝሙር ለመገልበጥና የዝንጅብል ኬሻዬ ላይ ስሜን ለመጻፍ ብቻ ነው። በዚህ መጽሐፍ ውስጥ አንድ ቃል ጽፌያለሁ፤ የመጨረሻው ሥዕል ላይ ታገኙታላችሁ። ሌላው ሁሉ የወንድሜ የማቴዎስና የጓደኛው የዘለቀ ሥራ ነው። ዘለቀ ሥዕሎቹን ለማተሚያ ቤት ሲያዘጋጅ «መጨረሻው ላይ ባዶ ገጾች ቀርተዋል፤ መጽሐፉ እንዴት እንደተሠራ አንቺ ጻፊ» አለኝ።

«እኔ? ሰው ፊት ቆሜ ስሜን መናገር የሚያቅተኝ?»

«ወረቀት ሰው አይደለም። አፍጥጦ አያይሽም።»

«አንተ ጻፈው።»

«እኔ ከጻፍኩት ራሴን ጀግና አደርገዋለሁ። ታውቂኛለሽ።»

አውቀዋለሁ። ስለዚህ ጻፍኩ።

መጽሐፍ ከኋላ ገልጦ ማንበብ የሚወድ ሰው አለ፤ እኔም እንደዚያው ነኝ። ለእንደዚህ ዓይነቱ ሰው ነገሩን ባጭሩ ልንገረው። ከተራራ ሥር ያለች ከተማ አለች፤ የሶዶ ሰው ተራራውን ሲያይ ዳሞታ መሆኑን ይለየዋል። መብራት በጠፋ ቁጥር ከተራራው አንድ ሰው ይወርዳል። ትከሻው ላይ ዱንጉዛ ጥሏል፤ እኛ ወላይታዎች በበዓል የምንለብሰውን ቀይ፣ ጥቁርና ቢጫ መስመር ያለውን ጨርቅ። ይህ ሰው ከጎርፍ ያወጣል፣ ከእሳት ያወጣል። ግን ያዳነው ሰው ሁሉ ወዲያው ይረሳዋል። ከወንዝ የጎተታት ሴት ልብሷን እየጨመቀች «አንተ ደግሞ ማነህ? ምን ትፈልጋለህ?» ትለዋለች። የገዛ እናቱን ከሚቃጠል ቤት ካወጣ በኋላ እናቱም በሩን ዘጋችበት። የማይረሳው አንድ ብቻ ነው፤ ጠላቱ ጭጋጉ። ጀግናው ጭጋጉን አድኖት አያውቅማ። ስለዚህ በዚያች ከተማ የጀግናውን ስም የሚያውቀው ጠላቱ ብቻ ነው። ጭጋጉ በታየ ቁጥር ከአፉ አጠገብ የንግግር ክብ አለ፤ ክቡ ግን ባዶ ነው። ስሙን ሲጠራው እናያለን፣ ምን ብሎ እንደሚጠራው አናውቅም።

ይህን ሁሉ የቀሰቀሰብኝ ቦዲቲ ላይ ያየሁት አንድ ባጃጅ ነው። ቦዲቲ የምሄደው ለገበያ ነው፤ ከቦምቤ በኩል ከሚመጡ ሴቶች ዝንጅብል እየተረከብኩ እዚያና ሶዶ እሸጣለሁ። የዚያን ዕለት ዝናቡ ጥሎ አባርቷል። ኬሻዬን እግሬ ላይ አስደግፌ መኪና ስጠብቅ ባጃጁ ፊት ለፊቴ ቆመ። የባጃጅ የኋላ ሸራ ላይ የማይሳል ነገር የለም፤ አንበሳ ይሳላል፣ ኳስ ተጫዋች ይሳላል፣ ጥቅስ ይጻፋል። እዚህኛው ላይ ግን ጥቁር ላስቲክ የተከናነበ ሰው ነበር። ከላስቲኩ ውስጥ የሚታዩት ሁለት ዓይኖች ብቻ ናቸው፤ ከግራው ዓይን በላይ፣ ቅንድቡ ላይ፣ እንደ ማጭድ የታጠፈ ጠባሳ አለ። አጠገቡ ባዶ ክብ። ጠባሳው የኔ ነው። ልጅ ሆኜ እናቴ እንሰት ከምትፍቅበት ጣውላ ላይ ወድቄ ያገኘሁት ነው። ዓይኖቹም የኔ ነበሩ። ኬሻውን ለቀቅሁት።

ነገሩ የተጀመረው ግን ከዓመታት በፊት ነው፤ ያን ጊዜ ማቴዎስ ሶዶ መናኸሪያው አጠገብ በአንድ የማስታወቂያ ጽሑፍ ቤት ተቀጥሮ ይሠራ ነበር። ባጃጅ በሁለት ብር ከመናኸሪያ አራዳ ያደርስ ነበር። ሳምቡሳ አንድ ብር ሆኖ ደግሞ እንደ አሁኑ ውስጡ ንፋስ አልነበረም፤ ምስሩ ሞልቶ ጫፉ ላይ ይፈነዳል። ወንዶቹ ጉልበቱ የተቀደደ ጂንስ ይለብሱ ነበር፤ የማቴዎስ ጂንስ ግን ቀዳዳ አልነበረውም፣ ከቀለም ብዛት ራሱን ችሎ ይቆማል እያልን እንስቅበት ነበር። ከሱቁ በስተቀኝ ሚሞሪ ካርድ ላይ ዘፈን የሚጭን ቤት ነበር፣ በስተግራ መዝሙር የሚሸጥ። ሁለቱም ትልቅ ትልቅ ድምፅ ማጉያ ደጅ ላይ አውጥተው ቀኑን ሙሉ ይፎካከራሉ። ማቴዎስ በዘፈኑ ምት እየቀባ መዝሙሩን ያፏጭ ነበር። ዛሬ በዚያ ቦታ ፎቅ ተሠርቶበታል፣ ምድር ቤቱ ስልክ ይሸጣል። በዚያ ሳልፍ ማንም አኳራጅ ሳያፈስ አኳራጅ ይሸተኛል፤ ቀለም የሚያቀጥኑበት ያ ራስ የሚያዞር ፈሳሽ።

የሱቁ ባለቤት እሑድ ቀኑን ሙሉ ጸሎት ቤት ስለሚውል ቁልፉን ለማቴዎስ ይተውለት ነበር። እኛ ከጠዋቱ አምልኮ ስንወጣ ዘለቀ በሚያሽከረክረው ባጃጅ ይመጣና ሦስታችን ሱቁ ውስጥ እንገባለን። ታሪኩን የሚፈጥረውና ንግግሩን የሚጽፈው ዘለቀ ነው፤ የሚስለው ማቴዎስ ነው። ዘለቀ መሳል አይችልም። ዶሮ ሳልኩ ብሎ ያሳየን ነገር በርጩማ ይመስል ነበር። ማቴዎስ ደግሞ ሰው ሳያይ ሰው አይስልም። ለጀግናው የሟቹን አባታችንን ዱንጉዛ ትከሻው ላይ ጥሎ ግድግዳው ላይ በተሰቀለ መስታወት ራሱን እያየ ይስላል። ለጭጋጉ መጀመሪያ ዘለቀን አቆመው።

«አፍህን ዝጋ፣ ልሳልህ።»

«ዘግቻለሁ።»

«እያወራህ?»

«ጠላት አያወራም ያለው ማነው?»

ማቴዎስ ብሩሹን አስቀምጦ ዞር ዞር አለና ጥግ ላይ የቀለም ቆርቆሮ ላይ የተቀመጥኩትን እኔን አየኝ። «አስኒ ትሁን» አለ።

ዘለቀ ሳቀ። «እሷ? እሷ ዝንብ እንኳን እሽ አትልም።»

«ለዚህ ነው። የሚጮህ ጠላት አያስፈራም። ዝም ብሎ የሚያይህ ነው የሚያስፈራው።»

ቀለሙን ከዝናብ የሚከልሉበትን ጥቁር ላስቲክ አከናነበኝና ባዶ የቀለም በርሜል ላይ አቆመኝ። «አትንቀሳቀሺ» አለኝ። እግሬ እስኪደነዝዝ ቆምኩ። ሲጨርስ «በቃ፣ ተንቀሳቀሺ» አለኝ። ከዚያ ወዲህ እሑድ ሁሉ በእነዚህ ሁለት ቃላት መካከል ነበርኩ። ሰው ሲያየኝ ዓይኔን መሬት ላይ የምጥል ልጅ ነበርኩ፤ ትምህርት ቤት ሰሌዳ ላይ ውጪ ስባል ጠመኔው ከእጄ ይወድቅ ነበር። በዚያ ላስቲክ ውስጥ ግን ሲያዩኝ አልፈራም። ሰው ሳይጠይቀኝ፣ ሳልመልስ፣ አንድ ሰው ትኩር ብሎ እያየኝ የምቆምበት ሌላ ቦታ በሕይወቴ አላገኘሁም።

መጽሐፉ ሊያልቅ ሲል ሁለቱ አልተስማሙም። ዘለቀ ጭጋጉ ይሙት አለ። «ሰው ገዝቶ አንብቦ፣ ጠላቱ ሳይሞት ወደ ቤቱ ይሄዳል?»

«ጭጋጉ ከሞተ ጀግናውን ማን ያውቀዋል?»

«አንባቢው ያውቀዋላ።»

«አንባቢው መጽሐፉን ይዘጋል» አለ ማቴዎስ።

እኔ ከላስቲኩ ውስጥ «ግን ስሙ ማነው?» ብዬ ጠየቅሁ። ሁለቱም መናገር መቻሌን የረሱ ይመስል ዞረው አዩኝ። ማቴዎስ «የመጨረሻው ሥዕል ላይ ጭጋጉ ይነግርሻል» አለኝ። ዘለቀ ተናዶ «እንግዲያው ብቻህን ጨርሰው» ብሎ ባጃጁን አስነስቶ ሄደ። ጊፋታ፣ የወላይታ ዘመን መለወጫ፣ ተቃርቦ ነበር። በእኛ ዘንድ የተጣላ ሰው ጊፋታ ሳይደርስ ይታረቃል፤ ቂም ይዞ አዲሱን ዘመን መሻገር ነውር ነው። እኔም ያው ይታረቃሉ ብዬ አላሰብኩበትም።

ከሰፈራችን ልጆች ወደ ደቡብ አፍሪካ ይሄዱ ነበር፤ ዛሬም ይሄዳሉ። ማቴዎስም ስሙን ለደላላ ከሰጠ ቆይቶ ኖሮ ተራው የደረሰው በዚያው ሰሞን ነው፣ ጊፋታ ሳይደርስ። መናኸሪያ ድረስ ሸኘሁት። ልነግረው ያሰብኩት ብዙ ነበር፤ አንዱም አልወጣልኝም። አውቶብሱ ሲነሳ በመስኮቱ እጁን አውጥቶ ጠባሳዬን ነካኝና «አትንቀሳቀሺ፣ ገና አልጨረስኩም» አለኝ። ሳቅሁ። እሱም ሳቀ።

ከሞያሌ ደወለ፣ ከናይሮቢ ደወለ፣ ከዚያ ድምፁ እየተቆራረጠ ስሙን ካልያዝኩት ቦታ ደወለ። ከዚያ ዝም አለ። ከብዙ ጊዜ በኋላ አብሮት የነበረ የቦምቤ ልጅ ደውሎ ማላዊ ውስጥ ታሞ መንገድ ላይ እንደወደቀ፣ ደላሎቹም አንጠብቅም ብለው ጫካ ውስጥ ትተውት እንደሄዱ ነገረን። ሲሞት አላየም። ሲቀበር ያየ የለም።

እናታችንን አዬ ነው የምንላት። ጊፋታ በተቃረበ ቁጥር የማቴዎስን ልብሶች ከሳጥን አውጥታ ታጥብና «አስኒ፣ ዘንድሮ እንቀመጥለት?» ትለኛለች። ለቅሶ ማለቷ ነው። ሰው ሩቅ አገር ሞቶ አስከሬኑ ካልመጣ ልብሱ ይወጣና ጎረቤት ተሰብስቦ በልብሱ ላይ ያለቅስለታል። ይህ እስኪደረግ ድረስ ግን እናት የእናት ወጉን አታገኝም፤ አጽናኝ አይመጣላትም፣ «እግዚአብሔር ያጽናሽ» የሚላት የለም። እኔ ሁልጊዜ «ሞቱን ያየ የለም፣ አዬ» እላታለሁ። አንድ ጊዜ አጎታችን ሊቆጣኝ ሲል እሷው ከለከለችው። «ተዋት። እሷ እሺ ካላለች አልቀመጥም። በሁለት ልብ አንድ ድንኳን አይተከልም» አለችው። ልብሶቹን አድርቃ፣ አጣጥፋ መልሳ ሳጥን ውስጥ ትከታለች። ዓመቱ እንዲህ ሲዞር ኖረ። ሁለት ጊዜ ሽማግሌ ተልኮብኝ ሁለቱንም ጊዜ «ወንድሜ ሲመለስ» ብያለሁ። እኩዮቼ ልጅ አዝለው ገበያ ላይ ያገኙኛል፤ «አንቺ እኮ ምንም አልተለወጥሽም» ይሉኛል። ደግ ነገር የተናገሩ ይመስላቸዋል።

እንግዲህ ቦዲቲ ላይ ከዚያ ሸራ ፊት የቆምኩት እንዲህ ሆኜ ነው። ከማላውቀው ሰው ጋር ወሬ ጀምሬ አላውቅም፤ ግን ሹፌሩ ሊነሳ ሲል የባጃጁን ብረት ያዝኩት።

«ይሄን ማን ሳለው?»

«የቱን?» ወርዶ ከኋላ ዞረ። «ጭጋጉን ነው? ያምራል አይደል? ጀግናውም አለ፣ እሱን ጓደኛዬ አስሎታል። ተሳፋሪ ግን ይሄን ነው የሚወደው።»

«ማን ሳለው?»

«ገሱባ፣ ከወረዳው ቢሮ ፊት ለፊት ያለ ሰውዬ።» ፊቴን ትክ ብሎ አየ፣ ከዚያ ሸራውን አየ፣ ከዚያ መልሶ እኔን። የተናገረው ግን ሌላ ነው። «እህቴ፣ ዝንጅብልሽ ጭቃ ውስጥ ነው።»

የመጽሐፉን ነገር የምናውቀው ሦስት ሰዎች ነን። ባዶውን ክብ የምናውቀው ሦስታችን ነን። እኔ አልሳልኩትም። ዘለቀ መሳል አይችልም። ሶዶ እስክደርስ ድረስ ይህን ደጋግሜ አሰብኩት፤ በየትኛውም በኩል ባስበው የሚቀረው ማቴዎስ ብቻ ነበር። ተርፏል፣ ተመልሷል፣ ባዶ እጁን መግባት አፍሮ ገሱባ ተቀምጧል አልኩ። ቤት ስገባ አዬ ልብሶቹን ገመድ ላይ እያሰጣች ነበር። «አታጣጥፊያቸው፣ እስክመለስ ይቆዩ» አልኳት። የት እንደምሄድ አልነገርኳትም።

የገሱባ መንገድ በዚያ ወቅት መንገድ አይባልም። መኪናው አንዴ ወደ ግራ አንዴ ወደ ቀኝ ሲጥለን እኔ ምን እንደምለው እመርጥ ነበር። ለምን አልደወልክም ልለው አሰብኩና ተውኩት። አዬ አርጅታለች ልለው አሰብኩና እሱንም ተውኩት። ሱቁን ለማግኘት መጠየቅ አላስፈለገኝም፤ አኳራጁ ከሩቅ ሸተተኝ። በሩ ክፍት ነው። አንድ ሰው ጀርባውን ሰጥቶ ትልቅ ቆርቆሮ ላይ ፊደል ይቀባል፣ መዝሙር ያፏጫል።

«ኢሻ» አልኩት። በወላይትኛ ወንድሜ ማለት ነው።

ዞረ። ወፍሯል፣ ፀጉሩ ከፊት ሸሽቷል። ዘለቀ ነበር።

ሌላ ሳልናገር «አስኒ» አለኝ። ከዚያ ፊቴ ላይ ያለውን አነበበ መሰለኝ፣ ብሩሹን ቀስ ብሎ አስቀመጠው። «እኔ ነኝ» አለኝ። «ይቅርታ። እኔ ብቻ ነኝ።»

በርጩማ ሰጠኝ፤ ቁጭ አልኩ። የሆነውን ነገረኝ፣ የወረዳ ሠራተኞች ምሳ ወጥተው እስኪመለሱ ድረስ። ማቴዎስ ሥዕሎቹን ሱቁ ውስጥ ከቀለም መደርደሪያው ሥር ትቷቸው ነበርና ዘለቀ ወስዷቸዋል። መሳል የተማረው እነሱን እየገለበጠ ነው፤ አንዱን ሥዕል መልሶ መላልሶ፣ በርጩማው ዶሮ እስኪሆን ድረስ።

«ለምን ቤት አልመጣህም?»

«ምን ብዬ? ሳንታረቅ ሄደ። ጊፋታ አለፈ። በሚቀጥለው ደግሞ የማላዊውን ወሬ ሰማሁ። እናታችሁን በየትኛው ዓይኔ ላያት?» ከግድግዳው ላይ የሥዕሎቹን ጥቅል አውርዶ ፈታው። «የመጨረሻው ገጽ ብቻ ነው የቀረው። ጭጋጉን ልገድለው ስንት ጊዜ ጀመርኩ። ዓይኖቹ ላይ ስደርስ እጄ እምቢ ይላል። አንቺ ምን ይሁን ትያለሽ?»

እንዲህ ብሎ የጠየቀኝ ሰው የለም። መሬት መሬት እያየሁ ነው የመለስኩለት።

«ጀግናው ተራራው ላይ ቀርቷል። ማንም አያውቀውም፣ ስለዚህ ማንም አይፈልገውም። ጭጋጉ ብቻውን ወደ ከተማው ይወርዳል። አደባባይ ላይ መሬት ይቀመጣል። ላስቲኩን ከፊቱ ያነሳል። ከዚያ ስሙን ይጠራል፣ ጮክ ብሎ።»

«ከዚያስ?»

«ሰዎቹ ምን ሆነህ ነው ብለው ይሰበሰባሉ። ይነግራቸዋል።»

ዘለቀ ፊቱን በቀለም ጨርቁ ጠረገና ጉንጩን ሰማያዊ አደረገው። ከዚያ ጓዳ ገብቶ ጥቁር ላስቲክ ይዞ መጣ። መሬት ላይ ቁጭ አልኩ። «አትንቀሳቀሺ» አለኝ፤ የማቴዎስ ቃል መሆኑን ያወቀው ከአፉ ከወጣ በኋላ ይመስለኛል፣ ምክንያቱም ቀና ብሎ አላየኝም። እንባዬ ሲወርድ አልጠረግሁትም። መንቀሳቀስ አይቻልማ። ሥዕሉ ላይ በጉንጬ የሚወርደውን ዝናብ ነው የምትሉ ካላችሁ፣ አይደለም። ሲጨርስ «ተንቀሳቀሺ» ሳይለኝ ብሩሹን በእጄ አስያዘኝና ባዶውን ክብ አሳየኝ። ማቴዎስ ብዬ ጻፍኩበት። «ዎ»ዋ ተንጋዳለች። ላስተካክላት ሲል ተዋት አልኩት።

ቤት ስደርስ ልብሶቹ እንዳልኳት ገመድ ላይ ነበሩ። «እሺ፣ አዬ» አልኳት። በማግስቱ እድሩ ድንኳን ተከለ። የአባታችን ዱንጉዛ፣ የቀለሙ ጂንስና አንድ ሸሚዝ ነጠላ ላይ ተዘረጉ። የሚመጣ ሰው ትንሽ ነው ብዬ ነበር፤ ይሄን ሁሉ ዘመን እሱን የማስታውሰው እኔ ብቻ ይመስለኝ ነበርና። ሰው ግን መጣ። ሥጋ ቤት ያለው ሰውዬ «የሱቄን ስም የጻፈው እሱ ነው፤ ቀለሙ ዛሬም አልለቀቀም» እያለ አለቀሰ። ሳምቡሳ ትሸጥ የነበረችው ሴት «ማቴ፣ የተረፈውን ለኔ ስጪኝ የምትለኝ» እያለች አለቀሰች። የማላውቃቸው ሰዎች በስሙ ይጠሩት ነበር። ዘለቀ በሦስተኛው ቀን ከገሱባ መጣና በሩ ላይ ቆመ። አዬ ራሷ ተነስታ እጁን ይዛ አስገባችው፣ ዱንጉዛው አጠገብ አስቀመጠችው። ጊፋታ ገና አልደረሰም ነበር።

ድንኳኑ ሲነሳ እኔ እዚያው መሬት ላይ እንደተቀመጥኩ ነበር። ወንዶቹ ገመዱን ይፈታሉ፣ ሴቶቹ አግዳሚውን ያወጣሉ፤ ሁሉም ዞረውኝ ያልፋሉ እንጂ ተነሺ የሚለኝ የለም። አዬ ደጃፉ ላይ ቆማ ታየኛለች። ዘለቀ አንዱን ምሰሶ ለሌላ ሰው አቀበለና መጣ፣ ፊቴ ተንበረከከ። ጣቶቹ ላይ ቀለም ነበር። ለረጅም ጊዜ አየኝ፣ እኔም ዓይኔን አልሰበርኩም።

«በቃ፣ አስኒ» አለኝ። «ተንቀሳቀሺ።»